አድራሻችን በታከለ ጀርባ ላይ

ከማሽን ጋር መጣላት የጀመርኩት ቦንጋ ነው። ከሰው ጋርማ ድሮም አልስማማም። ሰው ግን ሲንቃችሁ ቢያንስ ፊቱን ታዩታላችሁ። ማሽን ምን ፊት አለው? "ይቅርታ" ብሎ፣ በትሕትና ጽፎ ነው የሚንቃችሁ።

እኛን የናቀን የጌም ማሽን ነው። ያ ቴሌቪዥን ላይ ተሰክቶ ኳስ የሚያጫውተው። ባለቤቱ አከራዬ ጋሽ አስራት ናቸው። እኔ ያኔ ከደሴ ተመድቤ ቦንጋ እንግሊዝኛ የማስተምር ወንደላጤ ነበርኩ። ጋሽ አስራት ደግሞ እዚያው ተወልደው፣ ግማሽ ዕድሜያቸውን አንድ መሥሪያ ቤት ንብረት ክፍል ውስጥ የጨረሱ ሰው ናቸው።

ዘመኑ የግምገማ ዘመን ነው። አንድ ቀን ግምገማ ላይ ተነሥተው፣ "ስብሰባው በዛ፣ ሥራውን መቼ እንሥራው?" ብለው ጠየቁ። ምን የሚያስከፋ ነገር አለው? ኃላፊው ግን "ኪራይ ሰብሳቢ" አሏቸው። እውነቱን ለመናገር ኪራይ ይሰበስባሉ፤ ከፋዩ እኔ ነኝ። ኃላፊው ያሉት ግን ያንን አልነበረም። ጋሽ አስራት የመጋዘኑን ቁልፍ ጠረጴዛው ላይ አስቀምጠው ወጡ። ኃላፊውም ከኋላቸው፣ "የት ትደርሳለህ? ለምነህ ትመለሳታለህ!" አሉ። ይህችን ንግግር ያልሰማ የቦንጋ ሰው የለም። ባጃጅ ነጂው ሁሉ ያውቃታል።

ላለመለመን ሲሉ መንገድ ዳር ያለችውን ክፍላቸውን ጌም ቤት አደረጓት። ጆይስቲክ ጨብጠው አያውቁም። "ልጆቹ እስከተጨቃጨቁ ድረስ እንጀራዬ ነው" ይሉ ነበር።

ጣጣው የጀመረው ማሽኑ የተከፈተ ዕለት ነው። "አገርዎን ይምረጡ" አለና ዝርዝር ዘረገፈ። ዴንማርክ አለች። ፊንላንድ አለች። በእንግሊዝኛው ፊደል ተራ በሁለቱ መሃል መኖር የነበረብን እኛ የለንም። ጋሽ አስራት "ደግመህ እይ እስቲ፣ በአቢሲኒያ ይሆናል" አሉኝ። በአቢሲኒያም የለንም። ደማቸው ፈላ። "የማንኪራን ቡና እየጠጡ!" ብለው ጮኹ። ማንኪራ ቡና መጀመሪያ ተገኘባት የምትባል የአካባቢያችን ቀበሌ ናት፤ ቦንጋ ውስጥም ሰው ሲናደድ ቡናን ይጠራል። መብራት ሲጠፋ ቡና፣ ውሃ ሲቋረጥ ቡና፣ መንገዱ ጭቃ ሲሆን ቡና። ቡናው ግን እስከ ዛሬ ለማንም መልስ ሰጥቶ አያውቅም።

ለካ የማሽኑ ሠሪዎች ዓለምን በክልል ከፋፍለዋታል። የአንዱ ክልል ጌም በሌላው አይሠራም። ክልል ስል የመጣላችሁን ቀልድ አውቃለሁ። ያኔ ቀልዶት የተሳካለት ሰው አላየሁምና እንለፈው።

መፍትሔ ተብሎ ዘሪሁን ተጠራ። ዘሪሁን የዞኑ የኮምፒውተር ኤክስፐርት ነው። ኤክስፐርት ያልኩት እኔ ሳልሆን መታወቂያው ነው። ኮምፒውተራችሁ ሲበላሽ ይመጣል፣ ያጠፋዋል፣ መልሶ ይከፍተዋል፣ ካልሆነ "ሲስተም ነው" ብሎ ሻዩን ጠጥቶ ይሄዳል። የኛን ማሽን አይቶ ሳቀብን። "አሜሪካ በሉት። አዲስ አበባ የሚሸጠው የጌም መግዣ ካርድ የአሜሪካ ነው፤ የአሜሪካ ካርድ ደግሞ የሚሠራው ለአሜሪካ ሰው ነው" አለ። በቅሎን አባትህ ማነው ቢሉት እናቴ ፈረስ ናት አለ አይደል የሚባለው? እኛም አሜሪካ ነን አልን።

ማሽኑ በዋዛ የሚለቅ አይደለም። አሜሪካ የት? ብሎ ጠየቀ። መንገድ፣ ከተማ፣ የፖስታ ቁጥር። ጋሽ አስራትን አሜሪካ ዘመድ እንዳላቸው ብጠይቃቸው፣ "ዘመዶቼ በሙሉ ማንኪራ ናቸው፣ እዚያ ምን ጎድሎባቸው!" ብለው ተቆጡኝ።

ጆይስቲኩን ይዞ ፊት ለፊታችን የቆመው ታከለ ነበር። ታከለ ትምህርት ቤታችን ስፖርት የሚያስተምር ባልደረባዬ ነው። ከሰልባጅ የገዛት ሰማያዊ ካናቴራ አለችው፤ ከላዩ አትወርድም። እኔ ከኋላው ቁጭ ብዬ ጀርባውን ሳይ ምን ባነብ ጥሩ ነው? "የተደፈነ ቱቦ እንከፍታለን" ይላል። ከሥሩ የአንድ የአሜሪካ የቧንቧ ድርጅት ሙሉ አድራሻ። መንገዱ፣ ከተማው፣ የፖስታ ቁጥሩ ሳይቀር። እኔ ከጀርባው እያነበብኩለት፣ እሱ ከፊቱ እየጻፈ ሞላነው። ማሽኑ "እንኳን ደህና መጡ" አለን። ጅብ በማያውቁት አገር ሄዶ ቁርበት አንጥፉልኝ አለ ይባላል። ለኛ ተነጠፈልን።

አድራሻውን ወረቀት ላይ የጻፈ ሰው አልነበረም። ለምን ብሎ ይጽፋል? ታከለ በየቀኑ ለብሶት ይመጣ የለ?

በዓመቱ ታከለ ወደ ጌሻ፣ ደካ ከተማ ተዛወረ። አድራሻችንም አብሮት ተዛወረ።

ክረምት ገባ። መብራቱ ይሄዳል፣ ይመጣል፣ አንድ ቀን ሲመጣ ከሚገባው በላይ ሆኖ መጣ። ማሽኑ ተርፏል፤ ግን ማንነታችንን ረሳ። የተመዘገባችሁበትን የፖስታ ቁጥር ካልነገራችሁኝ አላውቃችሁም አለ። አዲስ ስም ክፈቱ ትሉኝ ይሆናል። የተገዛው ጌም ሁሉ ያለው በድሮው ስም ነዋ! ዘሪሁን መጣ። አጠፋው፣ ከፈተው። "ሲስተም ነው" አለ።

ይህ ሁሉ የመጣው ደግሞ በክፉ ሰዓት ነው። ከመንገዱ ማዶ ሌላ ጌም ቤት ተከፍቷል። ጋሽ አስራት እሱን ለመቅደም የአዲሱን ዓመት ሲዲ በዘሪሁን በኩል ከአዲስ አበባ አስመጥተዋል። ኦሪጅናል፣ ፕላስቲኩ ያልተቀደደ። በውስጡ ኮድ አለ፤ ኮዱ ሲገባ ክለብ የቀየሩት ተጫዋቾች ሁሉ በአዲስ ማሊያ ይመጣሉ። "ቅዳሜ ይመረቃል!" ብለው ለከተማው አስነግረዋል። ያ "ለምነህ ትመለሳታለህ" ያሏቸው ኃላፊ እንኳ "መጥቼ አያለሁ" ብለው ልከውባቸዋል። ሊያዩ የፈለጉት ጌሙን እንዳልሆነ ለማን ይጠፋዋል? ቅዳሜ ማሽኑ ካልተከፈተ ልጆቹ ማዶ ይሻገራሉ፤ ጋሽ አስራት ደግሞ ወደዚያች ንብረት ክፍል።

ታከለ ጋ ደወልን። የደካ ኔትወርክ አንዴ ይሰማል፣ አሥር ጊዜ ይጠፋል። "ያቺ ሰማያዊ ካናቴራ አለች?" ብለው ጠየቁት ጋሽ አስራት።

"አለች፣ ግን ማሳ ላይ ናት!"

"ማሳ ላይ ምን ትሠራለች?"

"ዝንጀሮ ትጠብቃለች!" አለና ስልኩ ተቋረጠ። ከዚያ በኋላ እንቢ አለ።

እንግሊዝኛ የሚያነብ ይሂድ ተባለና እኔ ተላክሁ። የጨነቀው እርጉዝ ያገባል፤ የኔ አከራይ ደግሞ ተከራዩን በአይሱዙ ጭኖ የዝንጀሮ ማስፈራሪያ ሊያስነብብ ይልካል። መንገዱን አልነግራችሁም። ገሚሱን መኪናው ተሸክሞኝ፣ ገሚሱን እኔ መኪናውን ገፍቼ ደረስን ብላችሁ ያዙልኝ።

ታከለ ማሳው ዳር ወሰደኝ። የአከራዩ የእትዬ አየለች በቆሎ ነው፤ ከጫካው ጋር ተዋስኗል። ካናቴራዋ እንጨት ላይ ተሰቅላ እጇን ዘርግታ ቆማለች። ጀርባዋን ለጫካው ሰጥታለች። ያንን አድራሻ ከኛ ይልቅ የደካ ዝንጀሮዎች በቃላቸው ያውቁታል። ላወልቃት እጄን ስዘረጋ እትዬ አየለች ከየት መጡ ሳልል ደረሱ።

"ተዋት! እሷ ከሄደች ዝንጀሮ ይመጣል። አንተ ትቆማለህ?"

"ላነባት ብቻ ነው እትዬ። ከቦንጋ ነው የመጣሁት።"

"ከቦንጋ? ይህችን ለማንበብ?" ታከለን አዩት። ጤነኛ መሆኔን እንዲመሰክርላቸው ነው። ታከለ መሬት መሬት አየ። ውለታ ቢስ።

"ምን ይላል እሱ?" አሉኝ ቆይተው።

"የተደፈነ ቱቦ እንከፍታለን።"

ካናቴራዋን ቀና ብለው አዩ። አፈሩ መሰለኝ። "ጸሎት መስሎኝ ነበር" አሉ በመጨረሻ። "ከተሰቀለች ወዲህ አንድም አልመጣ።"

ዝናቡ ጀመረ። መዳፌ ላይ ብጽፈው ታጠበ። ስለዚህ ያችን ቁጥር እንደ ዳዊት እየደገምኩ፣ አጠገቤ የተቀመጠው ሰውዬ እያማተበብኝ ቦንጋ ገባሁ።

ቅዳሜ ክፍሏ ሞላች። ኃላፊው ከፊት ተቀምጠዋል። ጠዋት የችግኝ ተከላ ዘመቻ ነበርና እዚያ የታደለውን ነጭ ካናቴራ እንደለበሱ ነው የመጡት። ጋሽ አስራት ሱፍ ለብሰዋል። ቁጥሩን ለዘሪሁን ነገርኩት። ማሽኑ አሰበ፣ አሰበና "እንኳን ደህና መጡ" አለ። ቤቱ በጭብጨባ ተናጋ። ኃላፊውም አጨበጨቡ፤ ጭብጨባ ሲሰሙ እጃቸው አያስችለውም።

ዘሪሁን የሲዲውን ኮድ አስገባ። ማሽኑ በትሕትና መለሰ። "ይቅርታ፣ ይህ ኮድ እርስዎ ባሉበት ክልል አያገለግልም።"

ደግሞ ሞከረ። ይቅርታ። ለሦስተኛ ጊዜ ሞከረ። ይቅርታ። ዘሪሁን "ሲስተም" እንኳ ማለት አቃተው። እኔ የሲዲውን ልባስ አንስቼ ገለበጥኩት። ከጀርባው ጉንዳን በሚያህሉ ፊደላት አንድ ነገር ተጽፏል።

"ምን ይላል መምህር?" አሉ ጋሽ አስራት።

"ለአውሮፓ፣ ለመካከለኛው ምሥራቅና ለአፍሪካ የተሠራ ነው ይላል።"

"አፍሪካ ይላል?"

"ይላል።"

"እኛስ ምንድን ነን?"

"አሜሪካ ነን ጋሽ አስራት።"

ገባችሁ? በዕድሜያችን አንዴ ለኛ ተብሎ የተሠራ ዕቃ በራችን ድረስ መጣ። እኛ የለንም። አሜሪካ ቱቦ ልንከፍት ሄደናል። የናቀን ማሽኑ ነው ስል ከረምኩ፤ ማሽኑማ ያልነውን አምኖን ነው። አፈርኩ። በዘሪሁንም፣ በኔም፣ ያንን ሁሉ ጭቃ ገፍቼ ባመጣኋት ቁጥርም አፈርኩ።

ኃላፊው ጉሮሯቸውን ጠረጉ። ይህችን ሰዓት ሲጠብቁ ነው የቆዩት። "አስራት፣ እኛ ቂም አንይዝም" አሉ ሰው ሁሉ እንዲሰማ። "ቦታህ ክፍት ነው። ማመልከቻህን ይዘህ ሰኞ ብቅ በል።"

ዘሪሁን ነፍሱ ተመለሰችለት። "ቀላል እኮ ነው! በአፍሪካ ሌላ ስም እንከፍታለን። ደቡብ አፍሪካ ዝርዝሩ ላይ አለች። የአፍሪካ አድራሻ ብቻ ፈልጉልኝ" አለ።

ልጆቹ እርስ በርስ ጀርባ ለጀርባ ይተያዩ ጀመር። ሁሉም የለበሰው ሰልባጅ ነው። አንዱ የጀርመን ዳቦ ቤት ሆኖ ተገኘ። አንዱ የካናዳ የበረዶ ጨዋታ ቡድን ነው። አንዱ አሜሪካ ውስጥ የመኪና ጎማ ይሸጣል። ከዚያ ሁሉ ጀርባ አፍሪካ የምትገኝበት አንድ ጠፋ። ከበሩ አካባቢ ያሉት ቀስ እያሉ ወደ ማዶ መሻገር ጀመሩ።

ጋሽ አስራት ይህን አዩ። ከዚያ ወደ ኃላፊው ዞሩ።

"ጌታዬ፣ ሰልባጅ ያልለበሱት እርስዎ ብቻ ነዎት። እስቲ አንዴ ዞር ይበሉልኝ።"

ኃላፊው ተነሥተው ዞሩ። ለምን እንደዞሩ እኔንጃ። ከበላይ የመጣ መመሪያ መስሏቸው ይሆናል።

"መምህር፣ መነጽሬን አልያዝኩም። አንብብልኝ።"

አነበብኩላቸው። ከፊት መፈክር፣ ከኋላ መፈክር፣ እጅጌው ላይ ሳይቀር መፈክር።

"አድራሻ አለው?"

"የለውም ጋሽ አስራት።"

"አውቃለሁ" አሉ፣ የማሽኑን ገመድ ከሶኬቱ እየነቀሉ። "ንብረት ክፍል እያለሁ ስንት ዓመት ለብሼዋለሁ።"