የላይኛውና የታችኛው ሰንጣቂ

በእኛ ከተማ የሰውን ሥራ መጠየቅ አያስፈልግም፤ አካሄዱን ማየት ነው። አቀርቅሮ፣ እግሩን የት እንደሚያሳርፍ እየመረጠ የሚሄድ ከሆነ የላይኛው ሰንጣቂ ነው። አንገቱን ቀና አድርጎ፣ ዓይኑን ጨፈን ገለጥ እያደረገ ሰው የሚገጭ ከሆነ ደግሞ የታችኛው ነው። ቤተ ክርስቲያን ሲሳለሙ እንኳ ይለያሉ። የላይኛው ደጁን ያያል፤ የታችኛው ጉልላቱን።

ሲሰነጥቁ ላላያችሁ ልንገራችሁ። ግንዱ ከሰው ቁመት ከፍ ባለ ባላ ላይ ይጫናል። አንዱ ግንዱ ላይ ይወጣል፣ ሌላው ከሥሩ ይቆማል። ረጅሙን መጋዝ አንዱ ሽቅብ አንዱ ቁልቁል ሲጎትቱ ይውላሉ። የላይኛው በከሰል በተነከረ ክር የተመታውን መስመር ይጠብቃል። የታችኛው ሰጋቱራ ይጠጣል። ባሌ ታከለ የታችኛው ነው። ምሳውን ሲበላ እንኳ ከቅንድቡ ላይ የዝግባ ሰጋቱራ ወጡ ውስጥ ይረግፋል።

ከተማችን እንጅባራ ራሷ የመጋዝ ልጅ አይደለችም እንዴ? አሮጊቶቹ እንደሚሉት ዛሬ ገበያው ያለበት ቦታ ዱር ነበር፤ ኮሶውና ዝግባው ፀሐይ አያስገባም። ቤቱ ሁሉ የሣር፣ በሩም የተጠላለፈ ቅርንጫፍ ነበር። የመኪና መንገድ መጣ። ከመኪናው ጋር ቆርቆሮ መጣ። ቆርቆሮ የከደነ ሰው ደግሞ በቅርንጫፍ በር መግባት አፈረ። ጣውላ ተፈለገ። ከዳንግላውም ከቡሬውም፣ ከገጠሩ አገውም፣ መጋዝ የያዘ ሁሉ እዚህ ተሰበሰበ። ዛፉ ግን እግር አወጣ። ያኔ ከደጅ ይቆረጥ የነበረው ዝግባ ዛሬ ግማሽ ቀን ያስኬዳል። ዱሮ ማንም ዞር ብሎ የማያያት አንዲት ኮሶ ቀርታልናለች፤ ጥላዋ ሥር ለመቀመጥ ሽማግሌዎች ይሻማሉ።

ሰውንም በእንጨት ነው የምንሰፍረው። ግትሩ ወይራ ነው። ገሩ ዋንዛ። ረጅም ሆኖ የጎረቤቱን ውኃ የሚጠጣው ባሕር ዛፍ። እኔን ምን እንደሚሉኝ ታውቃላችሁ? ቄጠማ! ነፋስ ሳይነፍስ የምትንቀጠቀጥ። ምን ላድርግ? ጠርጥር፣ ከገንፎም አይጠፋም ስንጥር እያለ ያሳደገኝ አባቴ ነው።

የባሌ የላይኛው አያ ፈንታ ይባላል። መጋዟ የሁለቱ ናት። ባሌ ከእኔ ጋር ከመጋባቱ በፊት ከእሱ ጋር ነው የተጋባው ብትሉም አልከፋም። ታዲያ ባለፈው ዓመት፣ በሚካኤል ማኅበር ላይ፣ ጠላው አያ ፈንታን ሞቅ አደረገውና፣ "ጣውላን ቀጥ የሚያደርገው የእኔ ዓይን ነው። ታከለማ ከታች ሆኖ የሚያየው የእኔን እግር ብቻ ነው" አለ። ሰው ሳቀ። ባሌ ዋንጫውን አስቀመጠና፣ "እውነትህን ነው አያ። እግርህን ባላይ ኖሮ እኔም ሰው ትመስለኝ ነበር" አለው። ሰው ይበልጥ ሳቀ። እነሱ ግን ከዚያች ቀን ወዲያ ተኮራረፉ።

ሥራው ቆመ ስል ሰኞ ማለዳ ሁለቱም መሰንጠቂያው ቦታ ተገኙ። መጋዝ ለብቻ አይጎተት! ሳይነጋገሩ እንዴት ይሠራሉ አትሉም? ግንዱን ያንኳኳሉ። አንድ ጊዜ ከሆነ ቁም። ሁለት ጊዜ ከሆነ ሳብ። ሦስት ጊዜ ከሆነ ምሳ። ሦስት ወር ሙሉ በማንኳኳት ኖሩ።

የእኔን ነገር አስቡት እንግዲህ። ግንዱ እንዳይንከባለል በግራና በቀኙ ሽብልቅ ይመታል። ሽብልቁን የሚመታው ማን ነው? የላይኛው። መላላቱን የሚያየውስ? እሱው። በሬ ከሚያህል ግንድ ሥር ባሌ ቆሟል፤ ከላዩ ያኮረፈ ሰው ቆሟል። አያ ፈንታ ያቺን ሽብልቅ በእግሩ ነካ ቢያደርጋት እኔ በሃያ ዓመቴ መበለት፣ የስድስት ወር ልጄም የሙት ልጅ። ምሳውን ጠዋት ቋጥሬ መስጠት ስችል፣ ልጄን አዝዬ በየቀኑ ራሴ ማድረስ ጀመርኩ። ለምሳው እንዳይመስላችሁ፤ ሽብልቁን ለማየት ነው። አያ ፈንታ እኔን አላኮረፈምና፣ "እታለም፣ ዛሬም ግንዱን ልትመርቂው መጣሽ?" ይለኛል። እኔ በጭንቀት ወተቴ ደርቋል፣ እሱ ይቀልዳል።

ሲብስብኝ ወደ ነፍስ አባታችን ሄድኩ። "አባ፣ ባሌ ከጠላቱ ሥር ቆሞ ነው የሚውለው" አልኳቸው።

"ጠላት ያልሽው ፈንታን ነው?" አሉ። "ፈንታ እኮ ዶሮ ሲታረድ ፊቱን የሚያዞር ሰው ነው።"

"ዶሮዋ በሰው ፊት አልሰደበችውማ፣ አባ!"

አባ ሳቃቸውን ዋጥ አድርገው ሽማግሌ ሰበሰቡ። ሁለት እሑድ ፈጀ። በመጨረሻ ተሳሳሙ። አያ ፈንታ እንባውን በጋቢው ጠረገ። ባሌም፣ "አያ፣ ከእግርህ በቀር ሁሉ ነገርህ ናፍቆኝ ነበር" አለው። እኔ እልልታዬን አቀለጥኩት። ከዚያ ቀን ጀምሮ ምሳውን ጠዋት እቋጥርለታለሁ፤ ወደ መሰንጠቂያው ዝር አላልኩም።

የሦስት ወር ወሬ ተጠራቅሞ የለ? አንዴ ሲጀምሩ ማን ያስቁማቸው! የጥሊሊ ገበያ በቅሎ፣ የእገሌ ድግስ፣ የእገሊት ፍቺ። አያ ፈንታ ከላይ ሆኖ በእጁም በእግሩም ያስረዳል አሉ። በሁለተኛው ሳምንት፣ አንድ አማች ሰርግ ላይ እንዴት እንደጨፈረ ለማሳየት ግንዱ ላይ እስክስታ ወረደ። ሽብልቁ ከላላ ቆይቶ ኖሯል። ግንዱም አብሮ ጨፈረ።

ባሌን በቃሬዛ አመጡልኝ። እግዚአብሔር ይመስገን፣ ግንዱ ትከሻውን ገጭቶት አለፈ እንጂ አልተጫነውም። ወጌሻ አሰረው፤ ሁለት ወር ተኛ። የቆጡን አወርድ ብላ የብብቷን ጣለች ማለት እኔ ነኝ።

አያ ፈንታ በየቀኑ እየመጣ መደቡ አጠገብ ተቀምጦ ያለቅሳል። አንድ ቀን አላስችለኝ ብሎ ጠየቅኩት። "አያ፣ ሦስት ወር ስትኮራረፉ አንድ ነገር አልሆነም። ምነው ስትታረቁ?"

"ያኔማ እታለም!" አለ። "ያኔማ ሽብልቁን በቀን አሥር ጊዜ ነበር የምመታው። አንድ ነገር ቢሆንብኝ ማን ያምነኛል? አገሩ ሁሉ ገደለው ነው የሚለኝ። አንቺም እንደ ዳኛ ቆመሽ ታዪኛለሽ። አሁን ግን ታርቀናል፣ ምን ይመጣል ብዬ..."

ብዙ አሰብኩበት። እኔ የፈራሁት ጥላቻን ነበር፤ የጎዳን ግን መተማመን ሆነ። እኔስ ልጄን እሳት ዳር ትቼ የምወጣው እህቴ ቤት ስትኖር አይደለም? የማላምናት ጎረቤት ስትመጣማ አዝዬ ነው የምወጣው።

ባሌ ድኖ፣ "ወደ ሥራዬ ልሂድ" አለ። ከማን ጋር ብዬ ስጠይቀው፣ "ከአያ ፈንታ ጋር ነዋ!" አለኝ። ሌላ የላይኛው ከየት ላምጣለት? ልጄን አዝዬ ተከተልኩት። ሰንጣቂው ሁሉ እየሰማ፣ "አያ ፈንታ፣ ባሌ ይቅር ብሎህ ይሆናል። እኔ ግን አላልኩህም። ዳግመኛ አንድ ነገር ቢሆን፣ አውቀህ ነው እላለሁ" አልኩት። ፊቱ አመድ መሰለ። ወዲያው ጎንበስ ብሎ ሽብልቁን መታ። ዞሮ ሌላውን መታ።

ይኸው እስከ ዛሬ ሰላም ሲለኝ ፊቴን አዞራለሁ። አባ አስጠሩኝና፣ "አንቺ ልጅ፣ አስታርቁልኝ ብለሽ እግሬ እስኪነቃ ያመላለስሽኝ አንቺ አይደለሽም? ዛሬ ቂም ይዘሽ እንዴት ትጾሚያለሽ?" አሉኝ።

"ቂም አይደለም፣ አባ።"

"ታዲያ ምንድን ነው?"

"ሽብልቅ ነው" አልኳቸው።

አባ መስቀላቸውን አሳልመው አሰናበቱኝ። ከዚያ ወዲህም ለሰው ዓይን ሽማግሌ ይዘው ይመጣሉ፤ እኔም እምቢ እላለሁ። ሽማግሌዎቹ ሲወጡ ግን እሳቸው በር ላይ ዘግየት ብለው፣ "በርቺ" ይሉኛል።

በጸሎቴ ከባሌና ከልጄ ቀጥሎ የምጠራው ስም የአያ ፈንታ ነው። ይህን በድፍረት የጻፍኩት እሱ ፊደል ስላልቆጠረ ነው። አደራችሁን፣ አንብቦ የሚነግረው እንዳይኖር።