ዓለማትን የሚያነካካው ጎረቤቴ

ሳይንስን ከስልኩ የተማረ ሰው ገጥሟችሁ ያውቃል? እኔ አንድ አለኝ፤ እዚህ ደቡብ አፍሪካ፣ ጀፕስታውን ውስጥ ከሱቄ ጎን የሚነግደው ወንድም ኤርሚያስ። በእሱ ሳይንስ ዓለማት ብዙ ናቸው፤ ጎን ለጎን ተደርድረው ይኖራሉ፤ ሲነካኩ ደግሞ ፍርሃት እንደ ጉንፋን ከአንዱ ወደ ሌላው ይተላለፋል። ሳቅኩበት።

ማክሰኞ ባለቤቴ ታምሩ ዕቃ ጭኖ ሎኬሽን በሚሉት የድሆች ሰፈር ወዳለው ሌላው ሱቃችን ሄደ። እንደ ደንባችን "ደርሻለሁ" ብሎ መደወል ነበረበት። አልደወለም፤ ስልኩም ዝግ ነው። ባለፈው ሳምንት በዚያው መንገድ አንድ ሐበሻ ወንድማችን ተዘርፎ ተገድሏል።

"አይዞሽ እህቴ፣" አለኝ ኤርሚያስ፤ "ቢያንስ በአንደኛው ዓለም በሰላም ደርሷል።"

ይሄ ማጽናናት ነው? ለጸሎት ቡድናችን "ለሁለቱም ታምሩ ጸልዩልኝ" ብዬ ጻፍኩ። ፓስተራችን ወዲያው ደወሉ።

"እህት አልማዝ፣ ስንት ባል ነው ያለሽ?"

ሳልመልስላቸው ታምሩ በሩ ላይ ቆመ፤ ለካ መኪናው መንገድ ላይ ተበላሽቶ፣ ባትሪውም አልቆበት ኖሯል። አንገቱ ላይ ተጠምጥሜ አለቀስኩ።

"በቃ፣ መጣሁ እኮ!" ይለኛል።

አንተማ መጣህ። በዚያኛው ዓለም በር በሩን የምታየዋን ሌላዋን እኔን ማን ይቀፋት?