ለጀርመን ቃል የሚለቅም ሙሽራ

ይህን በማውራቴ አስቀድሜ ይቅርታ እጠይቃለሁ። የሽማግሌ ጉዳይ እዚያው ሽማግሌዎቹ ጋ መቅረት ነበረበት። እኔም እስከ ትናንት ድረስ አፌን ይዤ ነበር። ግን ነገሩ የሀገር ጉዳይ ነው፤ እንዲያውም የሁለት ሀገር። ስለዚህ ቅር እያለኝ እነግራችኋለሁ።

ናሆም የእህቴ ልጅ ነው። ልደታ ኮንዶሚኒየም፣ ከእኛ በላይ ያለው ፎቅ ላይ ይኖራል። ቀን ቀን ሜክሲኮ አደባባይ ኮምፒውተር ይጠግናል። ከሥራ ሲመለስ ደግሞ ለጀርመኖች ቃል ይለቅማል።

ምን ማለት መሰላችሁ? ኮምፒውተር ላይ ስትጽፉ፣ ስትሳሳቱ ከቃሉ ሥር ቀይ መስመር ይሰመርባችሁ የለም? ያ የሚሆነው ከጀርባ ትክክለኛ ቃላት የተደረደሩበት መዝገብ ስላለ ነው። ማንም በነፃ የሚጠቀምባቸው ፕሮግራሞች አሉ፤ የእነሱን የጀርመንኛ መዝገብ የሚያጠሩት በየሀገሩ ያሉ በጎ ፈቃደኞች ናቸው። እንደ ምስር ለቀማ በሉት፤ ጠጠሩን ያወጣሉ፣ የጎደለውን ይጨምራሉ። ናሆም ከለቃሚዎቹ አንዱ ነው። ጀርመንኛውን የተማረው እዚያ ሄዶ ሊማር ነበር። ጉዞው አልሆነም። ቋንቋው ግን እጁ ላይ ቀረ፤ ምን ያድርገው? እሱ ባይሄድም ቃላቱን ይልካል።

ክፍያውስ? የለም። እህቴ ይህን ስትሰማ፣ ጀርመን እንዲህ ቸግሮታል እንዴ ብላ ጠየቀችኝ። አጣራለሁ አልኳት።

ታዲያ ይህ ልጅ ሊያን ወደደ። የሊያ አባት አቶ በላቸው፣ ልደታ ፍርድ ቤት አጠገብ ባለች አንዲት ጠባብ ክፍል ውስጥ ለባለጉዳይ ማመልከቻ ሲጽፉ የኖሩ ሰው ናቸው። ሦስት ሽማግሌ ሆነን ቤታቸው ሄድን። ተናጋሪው እኔ ነበርኩ። የተመረጥኩት ኮምፒውተር ይገባዋል ተብዬ ነው። እውነት ነው፣ ቤቴ አንድ አለኝ፤ ዳንቴል አልብሼዋለሁ።

እንደ ወጉ ቆመን ጠየቅን። ልጁ ምን ይሠራል አሉ አቶ በላቸው። ኮምፒውተር ይጠግናል ብዬ ማቆም እችል ነበር። ሊያ ግን ምንም እንዳትደብቁ አደራ ብላናለች። ስለዚህ፣ ለጀርመንኛ መዝገበ ቃላትም ይሠራል አልኩ። ፊታቸው በራ። ስንት ይከፍሉታል አሉ። በነፃ ነው አልኩ። የፊታቸው ብርሃን፣ የሰፈራችን መብራት እንደሚሄደው ሄደ።

“ጀርመኖቹ ያውቁታል?”

“አያውቁትም።”

“እሱስ አይቷቸው ያውቃል?”

“ኧረ የት አይቷቸው።”

“እና ለማያውቀው ሰው እንዲሁ የሚለፋ ሰው፣ ነገ ቤቱንም እንዲሁ ቢሰጥስ?”

እዚህ ላይ ዕውቀቴን አወጣሁ። ነገሩ እንደ ደቦ ነው፣ ንብረቱ የሁሉም ነው፣ በሩ አይቆለፍም፣ የፈለገ ገብቶ ይወስዳል አልኳቸው።

“ልጄን በሩ የማይቆለፍ ቤት ልታስገቧት ነው የመጣችሁት?” አሉ።

ከዚያ በኋላ ያብራራሁት ሁሉ ነገሩን አባሰው። ሳንቀመጥ ቀጠሮ ተሰጠን። ልደታ ነው መቼስ፣ ያለ ቀጠሮ ምን ያልቃል?

ናሆም ሲሰማ፣ “በቃ ጋሼ፣ ትቶታል በሏቸው” አለኝ። ድምፁ ደህና አልነበረም።

ሊያ፣ “ማን ተው አለህ? እኔ የወደድኩህ ማንም ሳያይህ ለአንድ ቃል እንደዚያ ስትጨነቅ አይቼ ነው” አለችው። እኔ ወደ መስኮቱ ዞርኩ፤ ሽማግሌ እንዲህ ያለ ነገር መስማት የለበትም።

በቀጠሯችን አቶ በላቸው የጠሩን ወደዚያች ጠባብ የሥራ ክፍላቸው ነው። ኮምፒውተራቸውን ወደ እኛ አዞሩት። የአማርኛ መዝገብ አልተጫነበትም። ገጹ ከላይ እስከ ታች በቀይ መስመር ተሸፍኗል።

“ይኸውላችሁ” አሉ። “ከሳሽ ቀይ፣ ተከሳሽ ቀይ፣ የተከበረው ፍርድ ቤት ራሱ ቀይ። ዕድሜዬን ሙሉ ጽፌ፣ ይሄ ዕቃ አንድም ቃል አላውቅልህም ይለኛል። ለማያውቀው ሰው የሚለፋ ልጅ፣ ለአማቱ አይለፋም?”

ለጥሎሽ ወርቅም ልብስም እንዳታመጡ አሉ። አማርኛውን ያምጣልኝ አሉ። ከዚያ ተቀመጡ አሉን። ተቀመጥን።

ይኸው አሁን ማታ ማታ አማትና አማች ጎን ለጎን ተቀምጠው ቃል ይለቅማሉ። አቶ በላቸው ከናሆም ይብሳሉ፤ እራት ቀርቦ እንኳ አይነሱም። ስንት ይከፈልዎታል ብዬ አልጠየቅኳቸውም፣ ሽማግሌ ነኝ። ሊያ የሠርጉን ቀን ቁረጡ ስትላቸው “ገና ሀ ላይ ነን” ይሏታል። እሷም ፈረደች፦ “ለ ላይ ስትደርሱ አገባለሁ። እስከ ፐ ቁጭ ብዬ አልጠብቅም።”

የጀርመንኛው ለቀማ ግን ቆሟል። ስለዚህ አደራ፣ ይህን የነገርኳችሁን ለማንም አታውሩ። ጀርመኖቹ ለቃሚያቸው የት እንደገባ ከሰሙ ሽማግሌ ይልኩብናል። እነሱ ደግሞ በቀጠሯቸው ሰዓት ነው የሚደርሱት።