የንብ ቀፎና የሠርግ ዘፈን

ካሜራ የገጠር ሰው ባየ ቁጥር ዋሽንት ለምን እንደሚያለቅስ እስካሁን የነገረኝ የለም። ሰውዬው ከጎረቤቱ ጋር እየተሳሳቀ በሬውን ይነዳል፤ ከኋላው ዋሽንቱ ሰው እንደሞተበት ያንጎራጉራል። ለዘጋቢ ፊልም ሙዚቃ በመሥራት ስለምተዳደር ከአልቃሾቹ አንዱ እኔ ነኝ።

ስለ ዋግ ኽምራ ንብ አናቢዎች የሚሠራ ፊልም ሲሰጠኝ ግን ላለማልቀስ ወሰንኩ። የአገሩን ዜማ ከአገሩ ሰው አፍ ልቅዳ ብዬ መቅረጫዬን ይዤ ደሃና ሄድኩ። መጀመሪያ ያረፍኩት የፊልሙ ዋና ሰው፣ አቶ ካሳዬ ቤት ነው። ማር ከነሰፈፉ አቅርበው "ጨምር" እያሉ አስጨነቁኝ። ከዚያ ሠርግ ያለ እሳቸው አይደምቅም የተባሉ ወይዘሮ ታደሉ ዘንድ ወሰዱኝ። ጎረቤቶቻቸውን ሰብስበው በኽምጥኛ ዘፈኑልኝ። እኔ ኽምጥኛ አልችልም፤ ዜማው ግን ለስላሳ ነው። ምን እንደሚል ብጠይቃቸው "የሠርግ ነው፤ ስለ ሰው ነው" አሉኝ። ሙዚቀኛ ከዚህ በላይ ምን ይጠይቃል? መጠየቅ ነበረበት።

ዘፈኑን አቶ ካሳዬ ቀፎ ከፍተው ማር በሚቆርጡበት ቦታ አስገባሁት። ፊልሙ ለተቀረጹት ሰዎች ይታይ ተብሎ ሰቆጣ አንድ አዳራሽ ውስጥ ታየ። ቀፎው ሲከፈት አዳራሹ ሳቀ። መሣሪያው የተበላሸ መስሎኝ ዞር አልኩ፤ ሳቁ ባሰ። ከጎኔ የተቀመጡት አቶ ካሳዬ ብቻ አልሳቁም።

ሲያልቅ ረጋ ብለው አስረዱኝ። ልጃቸው የወይዘሮ ታደሉን ልጅ አግብቷል። ዘፈኑ በዚያ ሠርግ የሙሽሪት ወገን እሳቸውን የሰደበበት ነው፤ "ከስስቱ የተነሳ ንቦቹ እንኳ ጎረቤት ሄደው ይበላሉ" ይላል።

"ሠርግ ላይ መሰደብ ወግ ነው፤ አልከፋኝም" አሉ። "ግን ያን ቀን የእኛ ሴቶች መልሰው ነበር። አንተ ስድቡን ብቻ ይዘህ መጣህ። ይሄ ፊልም አገር ላገር ሲዞር ስስታም ሆኜ ልቀር ነው።"

ማር አቅርበው "ጨምር" ያሉኝን ሰው ስስታም አድርጌ አረፍኩት። ወይዘሮ ታደሉ ዘንድ ሄጄ ብነግራቸው ደነገጡ። "ዝፈኚ አልከኝ፣ ዘፈንኩ። አማቼ ፊት ላይ የለጠፍከው አንተ ነህ" አሉኝ። ቀጥለው ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው፣ ልጃቸው የምትኖረው እዚያው አቶ ካሳዬ ቤት መሆኑን አስታወሱኝ። መልሱም ፊልሙ ውስጥ እንዲገባ አጥብቀው የለመኑኝ እሳቸው ናቸው።

የአቶ ካሳዬ ባለቤትና እህቶቻቸው መልሱን ዘፈኑ። ስድብ ያለ ተሰዳቢ ፊት ስለማያምር ወይዘሮ ታደሉም አዲስ ቀሚስ ለብሰው ተቀረጹ። ስለዚህ በንብ ፊልም መሐል አንዲት ንብ የሌላቸው ሴት ቆመው ሲሰደቡ ፈገግ ይላሉ። ዳይሬክተሩ ማን ናቸው ቢለኝ "አማች" አልኩት።

የቀረው ከሥር የሚጻፈው ትርጉም ነበር። ሁለቱን አማቾች ጎን ለጎን አስቀምጬ መልሱ ምን እንደሚል ጠየቅኳቸው። ተያዩና ሳቁ። "እሱ የቤተሰብ ጉዳይ ነው" አሉኝ አቶ ካሳዬ። ወይዘሮ ታደሉም "እንዴታ" አሉ።

ፊልሙን ካያችሁ እዚያ ቦታ ላይ "የሠርግ ዜማ" የሚል ብቻ ታነባላችሁ። አቀናባሪውም ከእናንተ የበለጠ አያውቅም።