የፀሐይ ግዥ ኮሚቴ

በቦንጋ ከተማ፣ ስሙን እንዲሁ መጥራት ድፍረት በሚሆንበት አንድ ጽሕፈት ቤት፣ ትውልድ ሊኮራበት የሚገባ ተግባር ተከናውኗል፤ ይኸውም ለጠፋችው ፀሐይ ምትክ መግዛት ነው።

ፀሐይቱ የጠፋችው በኃላፊው በጋሽ ኃይለመስቀል ቢሮ ውስጥ ብቻ ነበር። አዲሱ ሶፋ እንዳይደበዝዝ በወፍራም መጋረጃ ስለተከለከለች፣ የማንኪራ ገበሬዎች በስጦታ ያመጡት የቡና ችግኝ ቅጠሉን ያራግፍ ጀመር። ከበላይ አካል እንግዳ ሊመጡ ነው ሲባል፣ ጋሽ ኃይለመስቀል ባለሙያውን ነቢዩን አስጠሩት።

«ይኼ ችግኝ ከሞተ ከቦንጋ ተነሥተህ ወደ ዋጫ ትዛወራለህ!»

ነቢዩ ደነገጠ፤ ሚስቱ ልትወልድ ደርሳለች። «ጋሼ፣ መጋረጃውን ብንገልጠውስ?»

«ፀሐይ በዘንድሮው ዕቅድ አልተካተተችም።»

በመሆኑም የዕፅዋት ማሳደጊያ ኤል ኢ ዲ መብራት መራጭ ኮሚቴ ተቋቋመ፤ ነቢዩም ሰብሳቢ ተባለ። ስልኩ ላይ ያነበበውን ይዞ፣ «ከነጩና ከሐምራዊው ነጩ ይሻለናል፤ የቀን ብርሃን ይመስላል። ደግሞ ከቅጠሉ ራቅ ተደርጎ ነው የሚሰቀለው» ሲል አስረዳ።

የፋይናንሷ ወይዘሮ ሰብሌ ተቃወሙ። «ነጭማ እኔም ቤት አለ! እንግዳው ገና ሲገቡ ቴክኖሎጂ መሆኑ መታወቅ አለበት። ሐምራዊው ይሁን።»

ተጨበጨበ። ሐምራዊው በሙሉ ድምፅ አለፈ፤ ነቢዩም ዋጫን እያሰበ እጁን አወጣ።

መብራቱ ችግኙን ሊነካ ጥቂት ሲቀረው ተሰቀለ፤ መቅረብ የትጋት ምልክት ነውና። ቢሮው ሐምራዊ ሆነ፤ ጋሽ ኃይለመስቀልም ሐምራዊ ሆኑ። አንድ የባጃጅ ሹፌር በሩን ገፋ አድርጎ «ቢራ አላችሁ?» ብሎ ጠይቆ፣ በክብር ተሸኘ። ችግኙ ደግሞ የቀሩትን ቅጠሎች ጫፍ በማሳረር ለፕሮጀክቱ የበኩሉን አስተዋፅኦ አበረከተ።

እንግዳው የመጡ ዕለት፣ ገና ሰላምታ ሲለዋወጡ መብራት ጠፋ። በድንግዝግዙ ውስጥ እንግዳው ከጠረጴዛው ጋር ተጋጩ።

«መጋረጃውን ክፈቱ!» ብለው ጮኹ ጋሽ ኃይለመስቀል።

ነቢዩ ዘሎ ገለጠው። ከዝናብ በኋላ ብቅ ያለችው ፀሐይ ክፍሉን ሞላችው፤ የተረፉት ቅጠሎች አብረቀረቁ። እንግዳው ጉልበታቸውን እያሹ ችግኙን አፍጥጠው አዩት።

«ድንቅ ብርሃን ነው! ከየት አመጣችሁት?»

ጋሽ ኃይለመስቀል ነቢዩን አዩት። ነቢዩ ደግሞ በመስኮቱ ወደ ፀሐይቱ አየ።

«ከ… ከውጭ ነው።»

«እኔስ ምን አልኩ! የውጭ ዕቃ ያስታውቃል» አሉ እንግዳው። «ለሁሉም መሥሪያ ቤት ይገዛ፤ ኮሚቴውንም ይኼው ልጅ ይምራው።»