የታረቀ ጠብ በመንግሥት ቅጽ ላይ

መንግሥት ጥያቄ ይወዳል። ስምህን፣ የአባትህን ስም፣ ወደዚህ አገር የገባህበትን ዓመት ጠይቆህ ሲያበቃ፣ ትንሽ ቆይቶ በሌላ ወረቀት እንደ አዲስ ይጠይቅሃል። እኛ ከጎንደር መጥተን ናታንያ ከተማ የምንኖር ሰዎች በዕብራይስጥ ቶፌስ የሚሉትን ቅጽ ከመሙላታችን ብዛት፣ እጃችን ከሥራው ይልቅ በእሱ ሻክሯል ብል ማጋነን አይሆንም። ይሆናል እንጂ፤ ግን ልቀጥልበት። እኔን ቂም ያስያዘኝ አንድ ጥያቄ ነው፤ «በወንጀል ተፈርዶብህ ያውቃል?» የሚለው። ለመልሱ ሁለት ትንንሽ ሳጥኖች አሉ፤ አዎ እና አይ። ተፈርዶብህ፣ ታርቀህ፣ ተሳስመህ ቢሆንስ? ሦስተኛ ሳጥን የለም።

ጓደኛዬ አስረስ በዚች ሳጥን ምክንያት ከመንግሥት ሥራው ተባረረ። ዘጠኝ ዓመት ሙሉ አንድ ቀን ሳያረፍድ የሠራ ሰው፣ የወንጀል መዝገብህን ደብቀህ ነው የተቀጠርከው ተባለ። ደበቀ የተባለው ወንጀል ምን መሰላችሁ? እኔን መምታቱ ነው።

ወጣት ሳለን ዶራ በሚባለው ሰፈር በአንድ ሕንጻ ጎረቤት ነበርን። ለዳስ በዓል ግቢው ውስጥ ዳስ ስንሠራ፣ ሰፊውን ጥግ ማን ቀድሞ ያዘው በሚል ተጣላን። እኔ ምላሴን መሰብሰብ አላውቅበትም፤ እናቱን ሰደብሁበት። እሱ ደግሞ የዳሱን ምሰሶ ነቅሎ ግንባሬን አለኝ። ተሰፋሁ፤ ፖሊስ መጣ፤ ፍርድ ቤት አስረስን ጥፋተኛ ብሎ በገደብ ለቀቀው።

ይህ የመንግሥቱ ፍርድ ነው፤ የእኛው ገና ነበር። ሽማግሌዎች ተሰበሰቡ፤ ከጎንደር ጀምሮ የስንቱን ደም ያደረቁት አባ ወርቁ መካከል ተቀመጡ። በደንባችን በዳይ ድንጋይ ተሸክሞ ነው ከተበዳይ እግር ላይ የሚወድቀው። ዶራ ውስጥ ድንጋይ ከየት ይምጣ? አስረስ ቤት ከሚሠሩ ሰዎች ብሎኬት ለምኖ፣ በጫንቃው ተሸክሞ ሦስት ፎቅ ወጣ። አሳንሰር ነበረን፤ አባ ወርቁ ናቸው የከለከሉት። ተሳሳምን፤ አለቀስን። አባ ወርቁም ከዛሬ ወዲያ ይህን ነገር ያነሳ በዳዩ እሱ ነው ብለው ሁለታችንንም አስማሉን።

እንግዲህ ቶፌሱ ሲቀርብለት አስረስ ምን ያድርግ? «አይ» የሚለው ላይ ምልክት አደረገ። ሌላ ሰው ሥራ ፈልጎ ይዋሻል፤ የእኛ ሰው ግን መሐላ ጠብቆ ይባረራል።

ሚስቱ ደውላ መባረሩን፣ ይግባኝም መጠየቁን ነገረችኝ። ለልጆቹ መናገር አፍሮ፣ ጠዋት ጠዋት እንደ ድሮው ሸሚዙን ተኩሶ ይለብስና ራማት የዲዲም ሰፈር ካለው ቤቱ ወጥቶ ሲዞር ይውላል። አንጀቴን በላው። ሄጄ ይግባኝህ ላይ ለምን አታስረዳቸውም አልሁት።

«ማልሁ እኮ» አለኝ። «ሥራው ይቅርብኝ። መሐላ አፍርሼ በልጆቼ ላይ መዓት ላምጣ?»

እሱ ካላነሳው እኔ አነሳዋለሁ ብዬ ቆረጥሁ። ይግባኙ የሚሰማ ቀን ሳልጠራ ሄድሁ። ማን ነህ ሲሉኝ፣ የተመታው ሰው እኔ ነኝ ብዬ ቆቤን አወለቅሁና ጠባሳዬን አሳየኋቸው። በዕብራይስጤ እየተደናቀፍሁ ሁሉንም ዘረገፍሁት፤ መዝገባቸው ላይ የሌለውን ስድቤን ሳይቀር። አስረስ ጎኔ ተቀምጦ መሬት መሬት ያያል። ሰብሳቢዋ ይህ ብሎኬት ምን ለማድረግ ነው ብላ ሁለት ጊዜ ጠየቀችኝ።

«እናንተ ነገሩን በመዝገብ ዘጋችሁት፤ እኛ በሰው ፊት ዘጋነው» አልኋት። «ስንት ሰው እያየው የታረቀ ሰው ደበቀ አይባልም።»

ወር ሳይሞላ ደብዳቤ መጣ። አስረስ በጽሑፍ ማስጠንቀቂያ ወደ ሥራው ተመለሰ። እኔም ደስ ብሎኝ ምስጋና ስጠብቅ፣ አባ ወርቁ ይፈልጉሃል ተባልሁ። ኪርያት ሀሻሮን ሰፈር ልጃቸው ቤት ሽማግሌዎቹን ሰብስበው ጠበቁኝ። አስረስም ከሚስቱ ጋር ነበረ።

«ልጄ፣ ደግ አደረግህ» አሉኝ አባ ወርቁ፤ ቀና ብለውም አዩኝ። «ግን አንስተሃል።»

በቃ፣ በዳይ ሆንሁ። ደግሼ ሽማግሌዎቹን እንዳበላ ተፈረደብኝ። በግ አረድሁ፤ ከሁሉም አብልጦ የበላው አስረስ ነው፤ ይብላ፣ ከስቶ ነበር። ከምግቡ በኋላ ነገሩን ዳግመኛ ላላነሳ ማልሁ።

ይኸው ሳምንት ሳይሞላኝ ለእናንተ አነሳሁት። ምን ላድርግ፤ ታርቄአለሁ ብሎ በንጹሕ ልብ «አይ» የሞላ፣ ነገም የሚሞላ ስንት ሰው እንዳለ እኔ አውቃለሁ። ወንድሜ፣ «አዎ» በል፤ መታረቅህንም ከሥሩ ጻፍ፤ ቦታው ካልበቃህ ወረቀቱን ገልብጠህ በጀርባው ጻፍ። አባ ወርቁም ይህን የሚያነብላቸው ካገኙ ይጥሩኝ፤ እንደገና እደግሳለሁ።