ዴታሞ ጉድጓድ

ለሰፈር ስም ማውጣት የሚወድ ሰው ገጥሟችሁ ያውቃል? የቀበሌያችን ሊቀመንበር እንዲያ ነበር። ሆሳዕና ዳር ያለችው ሰፈራችን ከላይ ቀይ አፈር፣ ከሥር ጥንት እሳተ ገሞራ የተፋው፣ ዶማ የሚሰብር አለት ናት። ሟቹ ባለቤቴ ዴታሞ ያንን አለት ፈልፍሎ ውሃ ስላወጣ፣ ሰዉ ሁሉ «ዴታሞ ጉድጓድ» ይላታል። ከዚህ የበለጠ ሐውልት ከየት ይመጣል?

አንድ ቀን ሊቀመንበሩ በስብሰባ ላይ ተነሣ።

«ጓዶች፣ ከዛሬ ጀምሮ ሰፈራችን የትግል ፋና ትባላለች!»

ሁሉም አጨበጨበ፤ ማን ደፍሮ ይቀራል? እኔም በሐዘን ልብሴ አጨበጨብኩ።

ጎረቤቴ እትዬ ከድጃ፣ «ጓድ ሊቀመንበር፣ የነገው ጽዳት የትኛው ሰፈር ነው?» አሉ።

«የትኛው ይሆናል እትዬ? ዴታሞ ጉድጓድ ነዋ!»

አዳራሹ በሳቅ ተናጋ። ሊቀመንበሩም አፉን ይዞ ሳቀ። ያን ጊዜ ማንም ሳያዘኝ ብድግ ብዬ አጨበጨብኩ።